የጋሼ ማንኪያ ሠላሳ ሰዓት

ጋሼ ማንኪያ ወደ ሙያ ፈቃድ ማደሻው ቢሮ የገቡት ለአሥር ደቂቃ ብለው ነው። መድኃኒት ቤታቸው በር ላይ «አሁን እመጣለሁ» የሚል ካርቶን ሰቅለው፣ ግራጫ ኮታቸውን ለብሰው፣ ሁለት ጉርድ ፎቶግራፍና አሮጌውን ፈቃድ በፕላስቲክ ማኅደር ይዘው ነበር የወጡት። በየሦስት ዓመቱ እንዲሁ ያደርጋሉ። ፎቶግራፉን ይሰጣሉ፣ ማኅተም ይመታላቸዋል፣ ስለ ወገብ ሕመም ሁለት ቃል ተጫውተው ይመለሳሉ። የሚለወጥ ነገር ቢኖር ፎቶግራፉ ላይ ያለው ጸጉር ብቻ ነው፤ እሱም እየሳሳ እንጂ እየበዛ አይደለም።

ወላጆቻቸው ያወጡላቸውን ስም ዛሬ የሚያውቀው ያ ፈቃድ ብቻ ነው ማለት ይቻላል። የሰፈሩ ሰው «ጋሼ ማንኪያ» ብሎ መጥራት ከጀመረ ሠላሳ ዓመት አልፎታል። ለሕፃን ሽሮፕ የመጣች እናት ሁሉ ከመድኃኒት ቤታቸው የምትወጣው «ጠዋት አንድ ማንኪያ፣ ማታ አንድ ማንኪያ» እያለች እንዳትረሳው ለራሷ እየደጋገመች ነው። እሳቸውም በስሙ አይከፉም። ስልክ ሲያነሱ ራሳቸው «ማንኪያ ነኝ» ይላሉ።

የመስኮቱ ጸሐፊ ወጣት ነበር። ማኅደሩን ገልጦ አየና ወረቀት የጎደለ መስሎት ደግሞ ገለጠው።

«አባቴ፣ የሥልጠናው ምስክር ወረቀት የታለ?»

«የምን ሥልጠና?»

«የተከታታይ ትምህርቱ። አሁን ፈቃድ ለማሳደስ ሠላሳ ሰዓት ሥልጠና ያስፈልጋል። በመጨረሻው ትንሽ ፈተና አለው። ባለፈው ዓመት ደብዳቤ ልከንልዎ ነበር እኮ።»

መዋሸት አያስፈልግም፤ ደብዳቤው ደርሷቸዋል። አንብበው አራት ቦታ አጠፉትና በሚንገዳገደው መደርደሪያ እግር ሥር አስገቡት። መደርደሪያው ከዚያን ቀን ወዲህ ቀጥ ብሎ ቆሟል።

«ስማ የኔ ልጅ፣ እኔ መድኃኒት ማደል ስጀምር አንተ አልተወለድክም።»

«እውነት ነው፣ አባቴ» አለ ጸሐፊው፤ ሲናገርም ያዘነ ይመስል ነበር። «ሁለት ወር ጊዜ አለዎት። እስከዚያ ሥልጠናውን ጨርሰው ካልመጡ ፈቃዱ ይቋረጣል፣ ፈቃድ ከሌለ ደግሞ ቤቱ ይዘጋል። በእኔ እጅ ቢሆን አሁን መትቼ በሰጠሁዎት፤ ኮምፒውተሩ ግን አይቀበለኝም።»

ጋሼ ማንኪያ ማኅደራቸውን ሰብስበው ፊታቸውን እንዳጨፈገጉ ዞር ሲሉ፣ ከወረፋው አራተኛ ላይ የቆመች ሴት «አጎቴ?» አለቻቸው። የእህታቸው ልጅ ናት። በትልቁ ሆስፒታል በፋርማሲስትነት ስትሠራ ስምንት ዓመቷ ነው፤ እሷም ፈቃዷን ልታሳድስ መጥታለች። ጉንጭ ለጉንጭ ከተሳሳሙ በኋላ ወረፋዋን ከኋላዋ ላለው ሰው አደራ ብላ፣ ክንዳቸውን ይዛ ኮሪደሩ ውስጥ ካለው አግዳሚ ወንበር ላይ አስቀመጠቻቸው።

«ምነው፣ ፊትዎ ተለዋወጠብኝ። ምን አሉዎት?»

«ሥራ ፈት ሆነሃል አሉኝ። በትሕትና ነው ያሉኝ፣ እሱን አልክድም።»

«ሥልጠናውን አልወሰዱም እንዴ?»

«አንቺ ፍረጂ እስቲ። አርባ ዓመት ከዚያ ባንኮኒ ጀርባ ቆሜአለሁ። ሐኪም የጻፈውን ራሱ ማንበብ ሲያቅተው ወደ እኔ ነው የሚልከው። አሁን በስተርጅናዬ ደብተርና እስክሪብቶ ይዘህ ና ይሉኛል። ዳቦ ጋጋሪ አርባ ዓመት ከጋገረ በኋላ ሊጥ ማቡካት ተማር ይባላል?»

«ዱቄቱ ከተለወጠ ይባላል።»

«ዱቄት መቼ ተለውጦ ያውቃል?»

«የእኛ ዱቄት ነዋ በየዓመቱ የሚለወጠው። እርስዎ ትምህርት ሲጨርሱ ያልነበሩ መድኃኒቶች ዛሬ መደርደሪያዎ ላይ ስንት ይሆናሉ?»

ጋሼ ማንኪያ በልባቸው መቁጠር ጀመሩ። ሁለተኛው መደርደሪያ ላይ ሲደርሱ ቁጥሩ ስላላማራቸው ተዉት።

«አዲስ ሲመጣ ከካርቶኑ ውስጥ ያለውን ማብራሪያ አነባለሁ» አሉ።

«ያችን የጉንዳን ጽሕፈት? በየትኛው ዓይንዎ?»

«አታሹፊብኝ።»

«ይቅርታ ያድርጉልኝ። አንድ ነገር ብቻ ልጠይቅዎት። መደርደሪያዎ ላይ የመጠቀሚያ ጊዜው ያለፈ መድኃኒት ቢያገኙ ምን ያደርጉታል?»

«ለይቼ አስወግደዋለሁ። ይህም ይጠየቃል?»

«መልኩም ሽታውም ምንም ሳይለወጥ?»

«በመልክ መች ይታወቅና። ውስጡን ማን አየው? ቀኑ ካለፈ አለፈ ነው።» ይህን አፋቸውን ሞልተው ከተናገሩ በኋላ ወዴት እየተነዱ እንደሆነ ገባቸውና ጣታቸውን ቀሰሩ። «አውቄብሻለሁ። እኔ ግን ክኒን አይደለሁም።»

የእህታቸው ልጅ ሳቋን መያዝ አቃታት። እሳቸውም ላለመሳቅ ግድግዳ ግድግዳውን አዩ።

«ክኒን አይደሉም» አለች ሳቋን ስትጨርስ። «ግን አጎቴ፣ የተማርነው ነገር ሁሉ የተማርንበት ቀን አለው። እኔ ከስምንት ዓመት በፊት ለፈተና በቃሌ ከያዝኩት ዛሬ ስንቱ እንደተሻረ ቢያውቁ ይደነግጣሉ። የሚጠይቁን ‹አዋቂ ነህ ወይ?› ብለው አይደለም። ‹ካወቅህ ወዲህ ምን ተለወጠ?› ነው የሚሉን።»

«እኔ ቤት የተለወጠ ነገር የለም» አሉ ጋሼ ማንኪያ በኩራት።

እንዲህ ዓይነቱን መልስ ከብዙ የተከበሩ ሰዎች አፍ እንሰማለን። ሰውየው ሰነፍ አይደሉም። በቀን ሁለት ጊዜ የክፍላቸውን ሙቀት የሚመዘግቡ፣ ማቀዝቀዣቸውን በየሳምንቱ የሚፈትሹ፣ ክኒን ሲቆጥሩ ሰው ቢያናግራቸው እንደገና ከአንድ የሚጀምሩ ሰው ናቸው። ይሁን እንጂ ሥራውን በትጋት መሥራትና ሥራውን በትክክል መሥራት ሁለት የተለያዩ ነገሮች መሆናቸውን ትጉህ ሰው ነው ቶሎ የማያየው፤ ትጋቱ ዓይኑን ይጋርደዋልና።

የእህታቸው ልጅ ተራዋ ደርሶ ፈቃዷን አሳደሰች። ከዚያም የአጎቷን ሚስት ካየቻቸው ስለቆየች አብራቸው ወደ ቤት ሄደች። ቤቱና መድኃኒት ቤቱ አንድ ግድግዳ ነው የሚለያቸው፤ በመካከል መተላለፊያ በር አለው። ባለቤታቸው ጡረታ የወጡ መምህርት ናቸው፤ እንግዳዋን ሲያዩ የያዙትን የአትክልት ውኃ ማጠጫ አስቀምጠው ደጋግመው ሳሟት። የመስኮቱ ደፍ ላይ ከዳር እስከ ዳር ትንንሽ የፕላስቲክ ኩባያዎች ተደርድረዋል፤ ከእያንዳንዷ ውስጥ አንድ ቡቃያ ብቅ ብሏል።

«እትዬ፣ እነዚህን ኩባያዎች ከየት አመጧቸው?» አለች የእህታቸው ልጅ አንዷን አንስታ ወደ ዓይኗ እያስጠጋች። በኩባያዋ ጎን ላይ ጭረቶችና ቁጥሮች አሉ።

«ከአጎትሽ ነዋ። ከሽሮፕ ካርቶን ውስጥ እያወጣ ሊጥላቸው ሲል እኔ ለቃሪያና ለቲማቲም ዘር አዋልኳቸው። መሳቢያው ሙሉ ነው፤ ውሰጂ ከፈለግሽ።»

በዚህ መካከል የመድኃኒት ቤቱ በር ተንኳኳና ሦስቱም ወደዚያ ተሻገሩ። ሦስት ቤት አልፋ ሱቅ ያላት ልብስ ሰፊ ናት፤ ኮሌታዋ ላይ እንደ ወትሮው አራት አምስት ስፒል ተሰክቷል። አራት ልጆቿን በጋሼ ማንኪያ ሽሮፕ ያሳደገች ናት፤ አሁን ተራው ለልጅ ልጇ ደርሷል።

«ጋሼ፣ ትንሿ ከሌሊት ጀምሮ አተኮሳት።»

ጋሼ ማንኪያ ስለ ሕፃኗ ጠየቁ። ዕድሜዋን፣ ሳል እንዳላት፣ ትጠባ እንደሆነ፣ ሽንቷን እንደሸናች። በጥያቄያቸው ልብ የሚያሳርፉ ሰው ናቸው። ከዚያ ሽሮፑን አወረዱ፣ ካርቶኑን ከፈቱ፣ የመለኪያዋን ኩባያ እጃቸው እንደለመደው አውጥተው መሳቢያ ውስጥ ወረወሯትና ጠርሙሱን ሰጧት። «በየስድስት ሰዓቱ አንድ የሻይ ማንኪያ» አሉ። ልብስ ሰፊዋ «አንድ የሻይ ማንኪያ፣ አንድ የሻይ ማንኪያ» እያለች ወጣች።

የእህታቸው ልጅ በሰው ፊት አጎቷን ማረም አልሆነላትም። በሩ እስኪዘጋ ጠብቃ፣

«አጎቴ፣ ኩባያዋን ለምን ያወጧታል?» አለች።

«እናቶችን ላሳርፍ ብዬ ነው። ማንኪያ በየቤቱ እያለ ለዚች የሚጣበቅ ነገር ማጠብ ተጨማሪ ሥራ ነው። ኩባንያው ለጌጥ ነው የሚያስገባት።»

«የትኛው ማንኪያ?»

«የሻይ ማንኪያ ነዋ። አምስት ሚሊ። መጽሐፉም እንዲሁ ነው የሚለው፣ ገጹን ሳይቀር አሳይሻለሁ።»

«መጽሐፉን አምኜዋለሁ። እትዬ፣ በሞቴ፣ ቤት ውስጥ ያለውን የሻይ ማንኪያ ሁሉ ያምጡልኝ።»

መምህርቷ ነገር ሲሸታቸው ደስ ይላቸዋል። ፈጥነው ገብተው አምስት ማንኪያ ይዘው ተመለሱ። አንዷ ከሠርጋቸው ዕቃ የተረፈች፣ አንዷ ጎረቤት ረስታ የሄደቻት፣ ሌሎቹ በየጊዜው የተገዙ ናቸው። የእህታቸው ልጅ መርፌ የሌለው ሲሪንጅና አንድ ብርጭቆ ውኃ ባንኮኒው ላይ አቀረበች።

«እርስዎ ይለኩ» አለች። «እጅዎ ከእኔ ይልቅ ልክ ነው።»

ጋሼ ማንኪያ እንደ ቀልድ ጀመሩት። የመጀመሪያዋን ማንኪያ በውኃ ሞልተው በሲሪንጁ ቀዱና ቁጥሩን አዩ። ሦስት ሚሊ። መነጽራቸውን ወልውለው እንደገና ለኩ፤ ያው ሦስት። ሁለተኛዋ አራት ተኩል ሆነች። የሠርጉ ማንኪያ ሰባት ያዘች። አራተኛዋ ስድስት፣ የጎረቤቷ ደግሞ ልክ አምስት። ከአምስቱ ማንኪያ መጽሐፉን ያከበረችው ያልተመለሰችው የጎረቤት ዕቃ ብቻ ሆና ተገኘች።

ሁሉንም ሦስት ሦስት ጊዜ ለኩ።

«አጎቴ» አለች የእህታቸው ልጅ ድምጿን ዝቅ አድርጋ፣ «አንድ ቤት ሦስት ይሰጣል፣ ሌላው ቤት ሰባት። እርስዎ ለሁለቱም የነገሯቸው አንድ ነው።»

«ማንም አልሞተም» አሉ። «አርባ ዓመት ሙሉ ማንም አልሞተም።»

«ሞተ አላልኩም። ግን ትኩሳቱ አልበርድ ብሎ የተመለሰ ልጅ የለም?»

ጋሼ ማንኪያ ሲሪንጁን ባንኮኒው ላይ አኖሩ። እንዲህ ያሉ ልጆች ነበሩ እንጂ። ስለ አንዳንዱ ልጅ «ይህን ልጅ መድኃኒት ቶሎ አይዘውም» ብለው ለእናቱ ይነግሯታል፤ ጠንከር ወዳለ መድኃኒት ያዛውሩታል። የአንድ ጎረቤት መስታወት ቆራጭ ልጆች ሦስቱም መድኃኒት የማይዛቸው ናቸው ተብለው ነው ያደጉት። ምናልባት እናታቸው ቤት ያለችው ማንኪያ ትንሽ ነበረች። ይህን ሲያስቡ በጉልምስናቸው ዘመን ሽሮፕ የሰጧቸውን ልጆች ፊት አንድ በአንድ አስታወሱ።

ድንገት ብድግ ብለው መሳቢያውን ከፈቱና አንዲት ኩባያ አወጡ።

«ልጄ፣ ሮጠሽ ለልብስ ሰፊዋ ስጪልኝ። እስከ አምስት ቁጥር ድረስ ሞልታ ትስጣት።» አንገታቸውን ደፍተውም ጨመሩ፤ «አዲስ የመጣ ዕቃ ነው በያት።»

የእህታቸው ልጅ አየት አደረገቻቸውና ኩባያዋን ይዛ ወጣች። ስትመለስ፣

«በጊዜ ነው የደረስኩት» አለች። «‹ለልጅ ልጄ አልሰስትም› ብላ የሾርባውን ማንኪያ ልትሞላ ነበር።»

እንግዲህ እዚህ ላይ ነገሩ ያለቀ ይመስላል። ሰው ግን ስሕተቱን ስላየ ብቻ ወዲያው ይመለሳል ብሎ የሚያስብ ካለ ሽማግሌ ቀርቦ አያውቅም። ጋሼ ማንኪያ ከወንበራቸው ተቀምጠው ጉሮሯቸውን ጠረጉ።

«ደግ አደረግሽ፤ የማንኪያውን ነገር ተቀብያለሁ። ከዛሬ ጀምሮ በኩባያ። እንግዲህ ተማርኩ ማለት ነው። ሥልጠናው ለምን ያስፈልጋል?»

«ማንኪያው በአጋጣሚ የታየን አንድ ነገር ነው። ያላየነውስ?»

«ያላየነውን አንቺ እየመጣሽ ትነግሪኛለሽ።»

«እኔም እኮ የማላየው አለኝ። ለዚህ ነው የምማረው።»

«እኔ ከልጆች ጋር አልቀመጥም፤ አለቀ። ቤቱ ይዘጋ ከተባለ ይዘጋ። ደክሞኛልም።»

ይህን ጊዜ ባለቤታቸው ከመተላለፊያው በር ወዲያ ኩባያዎቻቸውን እያጠጡ ሳይዞሩ ተናገሩ።

«አንተ ሰውዬ፣ ለልጅቷ እውነቱን ንገራት። ደብዳቤውን ቤት ሳጸዳ ከመደርደሪያው እግር ሥር አውጥቼ አንብቤዋለሁ። አንተም እስከ መጨረሻው አንብበኸዋል፤ ፈተና የሚለው ቃል ሥር በእስክሪብቶ አስምረህበታል።»

ጋሼ ማንኪያ ቀሉ። እሳቸው ሲቀሉ ከጆሯቸው ነው የሚጀምሩት። ሲናገሩም የተናገሩት ለእህታቸው ልጅ ሳይሆን ለባንኮኒው ነበር።

«ብወድቅስ?» አሉ። «በኮምፒውተር ነው አሉ ፈተናው። እኔ ማውስ የሚሉትን አይጡን እንኳ መያዝ አልችልም። ወድቄ ብመጣ በዚህ መንገድ እንዴት ነው የማልፈው? ይህ ሰፈር ሁሉ ልጁን ይዞ የሚመጣው እኔ አውቃለሁ ብሎ ነው። አርባ ዓመት አንድ ሰው ጠይቆኝ ‹አላውቅም› ብዬ አላውቅም። ሥልጠና ገባ ሲባል ‹ለካ እስከ ዛሬ ሳያውቅ ነበር› አይሉኝም? ከዚህ ሁሉ፣ ደክሞት ዘጋው ቢባል ይሻለኛል።»

የእህታቸው ልጅ ከባንኮኒው ወዲህ ዞራ አጠገባቸው ቆመች።

«እኔ ባለፈው ዓመት ወድቄአለሁ» አለች።

«ምኑን?»

«ይህንኑ ፈተና። ሳላነብ ሄድኩና ወደቅኩ፤ ያውም ውጤቱ ሲነገር የክፍሉ ሰው ሁሉ ባለበት። ሁለት ቀን አንገቴን ደፍቼ ሠራሁ። በሦስተኛው ቀን ከእኔ የሚበልጡ አንዲት ሴትዮ ‹እኔም ወድቄ ነበር፣ ደብተሬን ላምጣልሽ?› አሉኝ። ለካ ግማሾቻችን ወድቀን ግማሾቻችን እንዳለፍን እየመሰልን ነበር። አብረን አነበብን፤ አለፍኩ። ከዚያ ወዲህ አንዱ የማያውቀው ነገር ሲገጥመው ሌላውን ይጠይቃል። በፊት ግን እያንዳንዳችን ገምተን ነበር የምንሠራው፤ እሱ ነው የሚያስፈራው።»

«ለምን ሳትነግሪኝ?»

«ለእርስዎ? ለእርስዎማ እንዴት ልንገር? እኔ እኮ ይህን ሙያ የመረጥኩት እዚች ወንበር ላይ ተቀምጬ እርስዎን እያየሁ ነው። አንድ ጊዜ ክኒን ቆጥረው ሰጥተው ሰውየው ከወጡ በኋላ አንድ ክኒን መሬት ላይ ወድቆ አገኙ። ኮትዎን ሳይለብሱ በዝናብ እስከ መንገዱ መጨረሻ ተከትለው ሄደው ሰጧቸው። እኔ የዚያን ቀን ነው ፋርማሲስት እሆናለሁ ያልኩት። ለአንዲት ክኒን በዝናብ የሮጠ ሰው ለሠላሳ ሰዓት ወንበር ላይ መቀመጥ እንዴት ያቅተዋል?»

ጋሼ ማንኪያ መነጽራቸውን አውልቀው መጥረግ ጀመሩ። መነጽሩ ንጹሕ ነበር።

«አጠገቤ ትቀመጫለሽ?» አሉ በመጨረሻ።

«የእኔ ሰዓት ሞልቷል፤ አይቆጠርልኝም።»

«ባይቆጠርልሽስ?»

«እሺ፣ የመጀመሪያውን ቅዳሜ እቀመጣለሁ» አለች የእህታቸው ልጅ፤ እጃቸውንም ያዘች።

ሥልጠናው ስድስት ቅዳሜ ነበር፤ በየቅዳሜው አምስት ሰዓት። በመጀመሪያው ቀን ጋሼ ማንኪያ ደብተራቸውን በጋዜጣ ጠቅልለው ነው ከቤት የወጡት፣ ሰው እንዳያይባቸው። ሰሌዳው ስለማይታያቸው ከፊተኛው ወንበር ከእህታቸው ልጅ ጎን ተቀመጡና ለሁለት ሰዓት ማስታወሻ ሲጽፉ ቆዩ። ከዚያ አሠልጣኟ ስለ ሕፃናት መድኃኒት አወሳሰድ ስታነሳ እጃቸውን አወጡና የአምስቱን ማንኪያ ነገር ከነቁጥሩ ተናገሩ። አዳራሹ ውስጥ የሳቀ አልነበረም። ከኋላ የተቀመጡ ሌላ ሽበታም ሰውዬ «እኔም ኩባያዋን እጥላታለሁ» አሉ በቀስታ። በሁለተኛው ቅዳሜ ጋዜጣው ቀረ። በአራተኛው ቅዳሜ ከሁሉ የከነከናቸውን ነገር ተማሩ፤ ለበሽተኛ «እንዲህ አድርገህ ውሰድ» ማለት ብቻ ሳይሆን «እስቲ እንዴት ነው የምትወስደው?» ብሎ መጠየቅም እንደሚያስፈልግ። አርባ ዓመት ሲያዝዙ ኖረዋል፤ ይህን ግን ጠይቀው አያውቁም። አይጡን መያዝ ባለቤታቸው ማታ ማታ አለማመዷቸው። ፈተናውን ከመቶ ሰባ ስምንት አግኝተው አለፉ። ቤት ሲደርሱ ሰባ ስምንቱን ለባለቤታቸው ሦስት ጊዜ ነገሯቸው።

አዲሱ ፈቃድ ግድግዳው ላይ በተሰቀለ በማግሥቱ ልብስ ሰፊዋ መጣች። የራሷን የደም ግፊት ክኒን ልትወስድ ነው። ጋሼ ማንኪያ ክኒኑን ከመደርደሪያ አወረዱ፤ ነገር ግን ወዲያው አልሰጧትም።

«እስቲ ይህን ክኒን እንዴት ነው የምትወስጂው?» አሉ በአዲሱ ትምህርታቸው።

«እርስዎ እንዳሉኝ ነዋ፣ ጋሼ። በቀን አንድ።»

ትምህርቱ እዚህ ላይ ሊያልቅ ይችል ነበር። እሳቸው ግን ክኒኑን እንደያዙ ቆሙ። ከስድስት ሳምንት ጀምሮ ሊነግሯት ያልደፈሩት አንድ ነገር ነበርና።

«ያቺ ኩባያ፣ ለትንሿ የላክሁልሽ» አሉ። «አዲስ የመጣች አይደለችም። ድሮም ካርቶኑ ውስጥ ነበረች። እኔ ነበርኩ እያወጣሁ የምጥላት። ማንኪያና ማንኪያ አንድ አለመሆኑን አላወቅሁም ነበር። አራቱንም ልጆችሽን በተሳሳተ ልክ ነው ያሳደግኩብሽ። ይቅርታ አድርጊልኝ።»

ልብስ ሰፊዋ ቆማ ብዙ አየቻቸው። እሳቸውም ዓይናቸውን አልሰበሩም፤ ምንም ቢመጣ ሊቀበሉ ቆርጠው ነበር።

«ልጆቼስ ደኅና ናቸው» አለች። «ትልቁ ከእርስዎ በቁመት ይበልጣል።» ከዚያ ወደ በሩ ዞር ብላ ሰው አለመኖሩን አረጋገጠችና ድምጿን ቀነሰች። «ጋሼ፣ እኔም ልንገርዎት። ክኒኑን በየቀኑ አልወስድም። ሰውነቴ ከለመደው ኋላ እምቢ ይለኛል ብዬ ቀን እየዘለልኩ ነው የምውጠው። ራሴን ሲያመኝ ደግሞ ሁለት አደርገዋለሁ።»

«ከመቼ ጀምሮ?»

«አራት ዓመት ይሆነዋል።»

«አራት ዓመት ሙሉ በየወሩ እየመጣሽ? ለምን አልነገርሽኝም?»

«እርስዎ ተሳስተው አያውቁማ» አለች ልብስ ሰፊዋ። «ተሳስቶ ለማያውቅ ሰው ስሕተት እንዴት ተብሎ ይነገራል?»

ጋሼ ማንኪያ ከባንኮኒው ጀርባ ወጡ። ወንበራቸውን ስበው አስቀመጧትና የደም ግፊቷን ለኩ፤ እጅግ ከፍ ብሎ ነበር። መድኃኒቱ ሰውነት ለምዶ የሚተወው ነገር እንዳልሆነ፣ ቀን መዝለልም በአንድ ጊዜ ሁለት መዋጥም እንዴት እንደሚጎዳ ሳይቆጡ አስረዷት። ከዚያ ለሐኪሟ የሚሰጥ ማስታወሻ ጽፈው በዚያው ቀን እንድትታይ ላኳት። ሐኪሙ «እንኳን በጊዜ መጣሽ» ብሎ ተቀበላት።

ከዚያ ወዲህ የመድኃኒት ቤቱ ነገር ተለወጠ። ልብስ ሰፊዋ ሱቅ የሚገባ ሁሉ ወሬውን ሰማ፤ ሰውም መድኃኒቱን በፌስታል እየያዘ መምጣትና «ጋሼ፣ እውነቱን ልንገርዎትና» ማለት ጀመረ። አብረው ሊወሰዱ የማይገባቸውን ክኒኖች አብረው ይውጡ የነበሩ ሁለት አረጋውያን ተገኙ። የተረፈ መድኃኒት ለጎረቤት የምታድል አንዲት ሴት ተገኘች። እናቶች ኩባያቸውን እየያዙ መጥተው እስከ የትኛው ቁጥር እንደሚሞሉ ይማራሉ፤ ልጆቹም ትኩሳታቸው በጊዜው ይበርዳል። ጋሼ ማንኪያ የማያውቁት ሲገጥማቸው «አላውቅም፤ ጠይቄ ልንገርሽ» ይላሉ፤ ስልክ አንስተው ለእህታቸው ልጅ ይደውላሉ። እንዲህ ስላሉ የተዋቸው ደንበኛ የለም። ሥልጠናውን የፈሩት ለስማቸው ብለው ነበር፤ ስማቸውን ያተረፈላቸው ግን እሱ ሆነ።

ልብስ ሰፊዋን ወደ ሐኪም በላኩ ቀን፣ መድኃኒት ቤቱን ሊዘጉ ሲሉ፣ ለእህታቸው ልጅ ደውለው የሆነውን ሁሉ ነገሯት። ሲጨርሱም እንዲህ አሏት።

«አራት ዓመት፣ ልጄ። አራት ዓመት ሙሉ ፊት ለፊቴ ቆማ አልነገረችኝም።»

«ዛሬ ነገረችዎት፣ አጎቴ።»

ጋሼ ማንኪያ ስልኩን እንደያዙ በሩን ቆለፉ።

«አዎ» አሉ። «ዛሬ ነገረችኝ።»